በልጅ ጉልበት ያሸነፍኩት ጨዋታ

(ከቢቸና እስከ ሞጣ… የአንዲት የቅርጫት ኳስ አሠልጣኝ ገጠመኝ)

ስሜን አልነግራችሁም። ይህ ገጽ ስም የማይጠራበት መሆኑ በጀኝ፤ የማወራችሁ ነገር የእኔ ብቻ ሳይሆን የሌላ ሰው ልጅም ነውና።

ሰሞኑን አንዲት የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ልታማክረኝ ቤቴ ድረስ መጣች። ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው። ሁለተኛውን ቡና እየጠጣን ሳለ «እትዬ፣ ጉልበቴ እምቢ እያለኝ ነው። ከእንግዲህ ብዙም አልጫወት። አሠልጣኝ ልሁን ወይስ እንደ ጓደኞቼ ሱቅ ልክፈት? እውነቱን ይንገሩኝ» አለችኝ።

ጥያቄው ቀላል ነው። እኔ ግን ሲኒዬን ይዤ ዝም አልኩ። ዝም ያሰኘኝ «ጉልበት» የምትለዋ ቃል ናት። በእኛ አማርኛ ጉልበት ማለት አቅምም ነው፤ እግር የሚታጠፍበት ቦታም ነው። እኔ ደግሞ ሁለቱንም ያጠፋሁባት አንዲት ልጅ አለችኝ። ለእንግዳዬ «መልሱን ከመስጠቴ በፊት ኃጢአቴን ስሚ» አልኳት። ለእሷ የነገርኳትን እነሆ ለእናንተም…

ኳስና ሽማግሌ

የተወለድኩት ምሥራቅ ጎጃም፣ ቢቸና ነው። ከአዲስ አበባ ተነስታችሁ ጎሐ ጽዮንን አልፋችሁ፣ የዓባይን በረሃ ወርዳችሁ ወጥታችሁ ደጀን ስትደርሱ ዋናው መንገድ ወደ ደብረ ማርቆስ ይሄዳል። ወደ ቀኝ የታጠፋችሁ እንደሆነ ግን የትመንን አልፋችሁ ቢቸና ትገባላችሁ። ያው መንገድ ደብረ ወርቅንና ፈለገ ብርሃንን አቋርጦ ሞጣ ይደርሳል፤ ከሞጣ ደግሞ ባሕር ዳር። በድሮው አከፋፈል ቢቸናም ሞጣም የየራሳቸው አውራጃ ዋና ከተማ ነበሩ። ታዲያ ሁለቱ ከተሞች የማይፎካከሩበት ነገር አልነበረም፤ በጤፍ፣ በገበያ፣ በተማሪ ውጤት፣ በኳስም!

የትምህርት ቤታችን የቅርጫት ኳስ ሜዳ አፈር ነበር። በክረምት ጭቃ፣ በበጋ አቧራ። ቀለበቱን የሠራው የከተማው ብረት በያጅ ነው፤ መረብ የሚባል ነገር አልነበረውም። አፈር ላይ ኳስ ማንጠር ዕድል ነው፤ ጠጠር ካገኘች ወደ ፈለገችበት ትሄዳለች። ስለዚህ እኛ ከማንጠር ይልቅ ማቀበል ተማርን። ዛሬ «የቢቸና ልጆች ፓስ ያውቃሉ» ሲሉኝ እስቃለሁ። ያስተማረን ጠጠሩ ነው!

የምንጫወተው በቀሚስ ሥር ሱሪ ለብሰን፣ የቻይና ሸራ ጫማ ተጫምተን ነበር። ጫማው በቁጥር ስለነበር ሁለት ሆነን በአንድ ጥንድ እንፈራረቃለን። ተቀያሪ ስትገባ ጫማው አብሮ ይቀየራል። አትሳቁ፣ እውነቴን ነው!

ዘጠነኛ ክፍል ሳለሁ፣ 1986 ዓ.ም. ላይ፣ ቤታችን ሽማግሌ ተላከ። ፈላጊዬ አንድ ነጋዴ ነበር። ያኔ ሕጉም ቢሆን ለእኔ የሚቆም አልነበረም፤ በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለሴት ልጅ ጋብቻ አሥራ አምስት ዓመት ይበቃል ይል ነበር። እኔ ደግሞ አሥራ አምስት ሞልቶኛል። ሽማግሌዎቹ ጋቢያቸውን አስተካክለው ተቀመጡና «ልጅቱ በአደባባይ ትዘላለች ሲባል ሰምተናል። ቢሆንም ልጃችን ወዷታልና ነውሯን ሸፍኖ ይወስዳታል» አሉ። ነውሬ ኳስ መሆኑ ነው እንግዲህ!

አባቴ ጠራኝ። «አንች ልጅ፣ ይህ ኳስ የሚሉት ነገር ምን ይሰጥሻል?» አለኝ። ምን ልበል? «ደብረ ማርቆስ ይወስደኛል» አልኩ። በዚያ ዓመት የዞኑ የተማሪዎች ውድድር ማርቆስ ነበር። ሽማግሌዎቹ ከትከት ብለው ሳቁ።

እናቴ ጓዳ ሆና ትሰማ ነበር። ወንዶች በተቀመጡበት ተናግራ የማታውቅ ሴት ብቅ አለችና «እኔ በአሥራ ሦስት ዓመቴ ተድሬ ከዚህ ማጀት አልወጣሁም። እስቲ እሷ ማርቆስን ትይልኝ» አለች። ቤቱ ጸጥ አለ። አባቴ አንገቱን ደፍቶ ቆየና «ትምህርቷን ትጨርስ» ብሎ ሽማግሌዎቹን ሸኛቸው።

ማርቆስን አየሁላት። በሞጣ ልጆች ተሸንፈን እያለቀስኩ ተመለስኩ እንጂ! እናቴ ስለ ሽንፈቱ አልጠየቀችኝም። «መንገዱ እንዴት ነው? ሰዉ ምን ይለብሳል? ገበያው ይሰፋል?» እያለች ሌሊቱን አስወራችኝ።

የሞጣዋ «ቲቸር ቢቸና»

የእግዜር ሥራ አይታወቅም፤ ከኮሌጅ በስፖርት መምህርነት ተመርቄ በ1993 ዓ.ም. የተመደብኩት የት መሰላችሁ? ሞጣ! ያስለቀሰችኝ ከተማ። ተማሪዎቹ ስሜን ትተው «ቲቸር ቢቸና» አሉኝ። በወሩ የሴቶች ቅርጫት ኳስ ቡድን አቋቋምኩ። ለዚህ ሥራ የተጨማሪ ሳንቲም የሚከፍለኝ አልነበረም። ደሞዜ የመምህርነት ነው፤ አሠልጣኝነቱ ከማታው ሰዓቴ የሚሄድ ነው።

መጀመሪያ ላይ አሠልጣኝ አልነበርኩም። ፊሽካ የያዘች ተጫዋች ነበርኩ። ኳሷን ተቀብዬ፣ ሁለት እርምጃ ተራምጄ፣ ዘልዬ አስቆጥራለሁ። ልጆቹ ያጨበጭባሉ። «በሉ እናንተም!» እላለሁ። ይስታሉ። እንደገና አሳያለሁ፤ እንደገና ይስታሉ። እጮኻለሁ። ለካስ እኔ እያሳየሁ የነበረው እኔነቴን ነው እንጂ ትምህርቱን አይደለም።

አንድ ቀን አንዲት ትንሽ ልጅ እጇን አውጥታ «ቲቸር፣ እርስዎ ሲዘሉ የትኛው እግርዎ ነው መጨረሻ መሬት የሚለቀው?» አለችኝ። አሰብኩ… አላውቀውም! እግሬ ያውቀዋል፣ እኔ አላውቀውም። ማታ ቤቴ ጓሮ ቆሜ ቀስ ብዬ ሞከርኩት። በቀኝ እጅ ለሚጥል ሰው የመጨረሻው እግር ግራ ነው። በማግስቱ ትምህርቱን ከመጨረሻው ጀመርኩ። ከቀለበቱ ሥር ቆሞ በግራ እግር መነሳት ብቻ። ከዚያ አንድ እርምጃ። ከዚያ ሁለት። ኳስ ማንጠሩ ሦስተኛው ሳምንት ላይ መጣ። በወሩ ግማሹ ቡድን ያስቆጥር ጀመር። ያን ቀን ነው ተጫዋችና አሠልጣኝ ሁለት የተለያዩ ሰዎች መሆናቸው የገባኝ። ተጫዋች ሰውነቷ የሚያውቀውን ትሠራለች፤ አሠልጣኝ ግን የሚያውቀውን በቃል አውጥታ ለሌላ ሰውነት ማስረከብ አለባት።

ገባኝ አልኩ እንጂ ግማሹ ነው የገባኝ። የቀረውን ያስተማረችኝ ሌላ ልጅ ናት።

ያቺ ልጅ

አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው፤ አሥረኛ ክፍል። ቁመቷ መለሎ፣ ጠባይዋ ዝምተኛ። እናቷ ባል የሞተባት ሴት ናት፤ ጠላ እየጠመቀች ነው የምታሳድጋት። ቡድን ውስጥ ሳስገባት ቤታቸው ሄጄ ለምኛለሁ። «ለባል አትስጧት፣ ለእኔ ይስጡኝ። እኔ እጠብቃታለሁ» ነበር ያልኩት። ያን ጊዜ የክልሉ የቤተሰብ ሕግ ከወጣ ሦስት ዓመት ሆኖታል፤ የጋብቻ ዕድሜም አሥራ ስምንት ተብሏል። በ1997 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ ደግሞ ሕፃን የሚያገባን ሰው በእስራት ይቀጣል። ግን ሕግ መዝገብ ላይ ነው፤ ሽማግሌ ደጃፍ ላይ ነው። ለብዙ ቤተሰብ «ልጄ ቡድን ውስጥ ናት፣ መምህሯ አትለቃትም» የሚለው ቃል ከአንቀጽ ይልቅ ይሠራ ነበር።

የካቲት 1998 ዓ.ም.። የዞኑ የት/ቤቶች ውድድር፣ ማርቆስ። ዕጣው ማንን ከማን ጋር ጣለ? ሞጣን ከቢቸና! የአገሬ ልጆች፣ ጎረቤቶቼ፣ የድሮ መምህራኔ ሳይቀሩ ተመልካች ሆነው ይመጣሉ። እኔ ደግሞ ያንን የልጅነት ለቅሶዬን አልረሳሁም። ያኔ ያስለቀሰኝ ሞጣ ነበር፤ አሁን ግን ሞጣን ይዤ ቢቸናን ላሳያት ፈለግሁ። ምን እንደማሳያት እንኳ በውል አላውቅም ነበር።

ሦስት ቀን ሲቀረን ልጅቱ ልምምድ ላይ ዘልላ ስታርፍ ጉልበቷ ወደ ውስጥ ታጠፈ። ማታውኑ አበጠ። በማግስቱ እያነከሰች መጣችና «ቲቸር፣ ጉልበቴ ይከዳኛል» አለችኝ። ልብ በሉ፤ «ያመኛል» አላለችም፤ «ይከዳኛል» ነው ያለችኝ። ቃሏን ሰምቼ ቢሆን ኖሮ ይህን ጽሑፍ አልጽፍም ነበር። እኔ ግን ወጌሻ ዘንድ ወስጄ አሳሸኋት፤ በፋሻ ጠፍሬ አሰርኩላት። «ቢቸናን እናሸንፍና ታርፊያለሽ» አልኳት። እሺ አለች። እኔን እምቢ ማለት የት ታውቅና!

በጨዋታው ሦስቱን ሩብ ተቀያሪ ወንበር ላይ አስቀመጥኳት። በአራተኛው ሩብ አንድ ደቂቃ ከምናምን ሲቀር በአንድ ነጥብ እየተመራን ነው። ዞር ብዬ አየኋት። እሷም አየችኝ። «ግቢ!» አልኳት። ገባች። ኳሷን ተቀበለች፣ ሁለት እርምጃ ተራመደች፣ በግራ እግሯ ተነስታ… አስቆጠረች! ያስተማርኳትን ሳትስት። ስታርፍ ማንም አልነካትም። ብቻዋን ነው ያረፈችው። «ቀጭ» የሚል ድምፅ እኔ እስካለሁበት ሰማሁ።

አንስተው አወጧት። ቀሪውን ሰከንዶች ተከላክለን በአንድ ነጥብ አሸነፍን። የሞጣ ደጋፊ ሜዳ ገብቶ እኔን በትከሻው ተሸከመኝ። ከሰው ትከሻ ላይ ሆኜ ነው ያየኋት። ከመስመሩ ውጭ መሬት ላይ ተቀምጣ ጉልበቷን በሁለት እጇ ይዛ ነበር። ሁሉም እኔን ያያል፤ እሷን የሚያይ አልነበረም። እኔ ግን አየኋት።

«አንችን በማን ልጠይቅ?»

ባሕር ዳር ሐኪም ዘንድ ወሰድናት። ጉልበት ውስጥ የጭኑን አጥንት ከቅልጥም አጥንት ጋር አጥብቆ የሚይዝ መስቀለኛ ጅማት አለ፤ እሱ ተበጥሷል አለን። መጀመሪያ በልምምዱ ቀን ሳይጎዳ እንዳልቀረ፣ ያኔ ብታርፍ ኖሮ ሌላ ታሪክ ይሆን እንደነበር በትሕትና ነገረኝ። ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር።

ሞጣ ስንመለስ እናቷ ቤት ሄድኩ። ልጅቱ መደብ ላይ እግሯን ዘርግታ ተቀምጣለች። እናቷ ቡና አፈላችልኝ። አልጮኸችብኝም። ሁለተኛውን ስትቀዳልኝ ነው ቀስ ብላ የተናገረችው፦

«አንች አስተማሪ፣ ለባል አትስጧት ለእኔ ይስጡኝ አልሽኝ፤ ሰጠሁሽ። ባል ቢሰብራት ኖሮ ሽማግሌ ልኬ እጠይቀው ነበር። አንችን በማን ልጠይቅ?»

መልስ አልነበረኝም። ዛሬም የለኝም። ልጅቱ ሁለት ወር ከትምህርት ቀረች፤ የአሥረኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተናን ሳትዘጋጅ ተቀመጠች። ለመሰናዶ የሚያበቃ ውጤት አላገኘችም። እኔም ፊሽካዬን ሳጥን ውስጥ ከተትኩ። «ከእንግዲህ ማሠልጠን በቃኝ» አልኩ። ያን ጊዜ ንስሐ የገባሁ መስሎኝ ነበር።

በተከታዩ ዓመት በጥር ወር፣ በሠርጉ ሰሞን፣ ከተጫዋቾቼ አንዷ ክፍል አልመጣችም። ስጠይቅ «ተድራለች» አሉኝ። አሥራ አምስት ዓመቷ ነበር። ጓደኛዋ ምን እንዳለችኝ ላውራችሁ? «ቡድኑ ስለፈረሰ አባቷ ምን ብላ ታመካኝ?» አየችሁ? ማሠልጠኔ አንዷን ጎዳ፤ ማሠልጠን መተዌ ደግሞ ሌላዋን። በማግስቱ ፊሽካዬን ከሳጥን አወጣሁ። ልጆቹም ያለፈው ዓመት ኳስ እንደያዙ በሬ ላይ ቆመው አገኘኋቸው።

ከባሕር ማዶ የሰማሁት

ከዚያ በኋላ ነው ማንበብ የጀመርኩት። ለካስ ይህ ስፖርት ከመነሻው ሴቶችን ሲፈትን የኖረ ነው! ጄምስ ናይስሚዝ የሚባል መምህር ቅርጫት ኳስን የፈጠረው እ.ኤ.አ. በ1891 በአሜሪካ ስፕሪንግፊልድ፣ በወጣት ወንዶች ክርስቲያናዊ ማኅበር (እኛ «ወወክማ» የምንለው) ማሠልጠኛ ውስጥ ነው። በዓመቱ ሴንዳ በረንሰን የተባለች የሰውነት ማጎልመሻ መምህርት ጨዋታውን ወደ ስሚዝ የሴቶች ኮሌጅ ወሰደችው። ልጃገረዶቹ እንዳይደክሙ ተብሎ ሜዳው ሦስት ቦታ ተከፈለ፤ ከክልሏ መውጣት የለባትም። በ1893 የመጀመሪያው የኮሌጁ ግጥሚያ ሲደረግ ወንድ ተመልካች እንዳይገባ ተከለከለ። ወንዶች በ1936 ኦሎምፒክ ላይ ሲጫወቱ፣ ሴቶች የተፈቀደላቸው በ1976 ሞንትሪያል ላይ ነው። አርባ ዓመት! የእኛ ሽማግሌዎች ብቻ አይደሉም እንግዲህ።

በዚያ የ1976 ኦሎምፒክ ለአሜሪካ ተጫውታ ብር ሜዳሊያ ያገኘች ፓት ሰሚት የምትባል ሴት ነበረች። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ የጉልበቷ ጅማት ተበጥሶ ነበር። አዎ፣ ያው ጅማት! ታክማ፣ ታግሳ፣ ቆይታ ነው የተመለሰችው። በ1974፣ በሃያ ሁለት ዓመቷ፣ የቴኔሲ ዩኒቨርሲቲን ሴቶች ማሠልጠን ስትጀምር በወር 250 ዶላር ነበር የሚከፈላት፤ የቡድኑን ማልያ ራሷ ታጥባለች፣ መኪናውን ራሷ ትነዳለች። እስከ 2012 ድረስ 1,098 ጨዋታ አሸነፈች፤ ስምንት ጊዜ የአገሪቱን ዋንጫ አነሳች። እኔን የገረመኝ ግን ዋንጫው አይደለም። በእሷ ሥር እስከ መጨረሻው ዓመት የተጫወቱ ልጆች በሙሉ ዲግሪያቸውን ይዘው ወጥተዋል። በሙሉ! ይህን ሳነብ የእኔዋን ልጅ የፈተና ወረቀት አሰብኩ።

ወደ አህጉራችን ስንመጣ ናይጄሪያዊቷ ሬና ዋካማ አለች። ራሷ ለናይጄሪያ ተጫውታ በኋላ አሠልጣኝ ሆነች። እ.ኤ.አ. በ2023 ኪጋሊ ላይ የአፍሪካን ዋንጫ ስትወስድ ይህን ያደረገች የመጀመሪያዋ ሴት አሠልጣኝ ተባለች። በ2024 ፓሪስ ኦሎምፒክ ደግሞ አውስትራሊያንና ካናዳን አሸንፋ ሩብ ፍጻሜ ገባች፤ ከአፍሪካ ከወንድም ከሴትም ቡድን እዚያ የደረሰ አልነበረም። የውድድሩ ምርጥ አሠልጣኝም እሷ ሆነች።

ከአገራችንስ? በእግር ኳስ መሠረት ማኒ ድሬዳዋ ከተማን፣ የወንዶችን ቡድን ነው የምላችሁ፣ ወደ ፕሪምየር ሊግ አሳድጋ በ2008 ዓ.ም. በሊጉ አሠልጥናለች። የበቆጂው ሰንታየሁ እሸቱም የት/ቤት ስፖርት መምህር ነበር፤ እነ ደራርቱ ቱሉንና ቀነኒሳ በቀለን በልጅነታቸው ያገኛቸው እሱ ነው። ከትንሽ ከተማ፣ ከመምህር ደሞዝ፣ ከአቧራማ ሜዳ ትልቅ ነገር ይወጣል። ግን የሚወጣው መምህሩ በልጆቹ ጉልበት የራሱን ቂም ሳይወጣ ሲቀር ነው።

እንግዲህ ምክሬ…

ለዚያች ለእንግዳዬም ለእናንተም የምለው ይህን ነው፦

አንደኛ፣ ለመሆኑ ማሸነፍ የምትፈልጊው ማንን ነው? ያለፈውን ራስሽን ከሆነ ገና ተጫዋች ነሽ። አንድ ዓመት ታገሺ።

ሁለተኛ፣ ጉልበትን እወቂ። ይህ ጅማት ብዙ ጊዜ የሚበጠሰው ሰው ገፍቶን አይደለም፤ ስንዘል፣ ስናርፍ፣ በድንገት ስንታጠፍ ነው። ሴቶች ደግሞ ከወንዶች ይልቅ ይጋለጣሉ። ስለዚህ ከእያንዳንዱ ልምምድ በፊት አሥራ አምስት ደቂቃ ሰውነት ማሟሟቅ ግድ ነው፦ ዝግ ያለ ሩጫ፤ ቁጭ ብድግ፤ በአንድ እግር ቆሞ ሚዛን መጠበቅ፤ ዘሎ ድምፅ ሳያሰሙ ማረፍ። ስታርፍ ሁለት ጉልበቷ ታጠፍ ይበል፣ ወደ ውስጥ ግን አይገናኝ። ሲያርፉ «ዷ» የሚል ድምፅ ከሰማሽ አስቁሚያቸው።

ሦስተኛ፣ «ቀጭ አለ»፣ «በሰዓታት ውስጥ አበጠ»፣ «ይከዳኛል»… ከእነዚህ አንዱን ከሰማሽ ጨዋታው ለእሷ አልቋል። የፍጻሜ ጨዋታ ቢሆንም! ያበጠ ጉልበት አይታሽም። እግሯን ከፍ አድርጋ ታሳርፈው፣ በቀዝቃዛ ነገር ይያዝ፣ በልኩ ይታሰር፣ ከዚያ ሐኪም ዘንድ። ወጌሻ ባህላችን ነው፣ አከብረዋለሁ፤ የተበጠሰ ጅማት ግን በማሸት አይቀጠልም።

አራተኛ፣ ትምህርቷ ከኳሱ ይቅደም። ፈተና ሲደርስ ልምምድ ይቀነሳል። ይህን ለወላጅ በቃል ስጪ፤ ሰጥተሽም ጠብቂ።

አምስተኛ፣ ለልጆቹ ለራሳቸው፦ አሠልጣኝ ወላጅ አይደለም፣ ጌታም አይደለም። «ለብቻሽ ማታ ልምምድ አለሽ» የሚል፣ ወይም ቡድን ውስጥ ለመግባት ሌላ ነገር የሚጠይቅ ካለ ያ ሰው አሠልጣኝ አይደለም። ለቤተሰብ፣ ለምታምኑት መምህር ወዲያው ንገሩ። «ያመኛል» ማለትም መብታችሁ ነው።

ስድስተኛ፣ እንጀራውን አስቢ። ከትልልቅ ቡድኖች ውጭ ማሠልጠን ብቻውን ቤት አያቆምም። ከመምህርነት ወይም ከሌላ ሥራ ጋር ያዢው፤ ዳኝነትም፣ ጠረጴዛ ላይ ነጥብ መያዝም ተማሪ። ሱቁንም ቢሆን ክፈች! ማታ ሜዳ መውጣት የሚከለክልሽ የለም።

ስልኩ

እኔ ዛሬ የምኖረው አዲስ አበባ ነው። ሞጣንና ቢቸናን ሳስብ ሆዴ ይባባል። በ2015 ዓ.ም. ማብቂያ በክልሉ ግጭት ከተቀሰቀሰ ወዲህ ብዙ ት/ቤቶች ተዘግተው፣ ብዙ ልጆች ከትምህርት ርቀው ቆይተዋል። ት/ቤት ሲዘጋ ሜዳውም ይዘጋል። ሜዳው ሲዘጋ ደግሞ ማን ደጃፍ ላይ እንደሚመጣ እናንተም አሁን ታውቃላችሁ።

ያቺ ልጅ የት ደረሰች ትሉኝ ይሆናል። በአሥረኛ ክፍል ውጤቷ የመምህራን ኮሌጅ ገብታ የመጀመሪያ ደረጃ መምህርት ሆነች። ለዓመታት አልተገናኘንም። እኔ ለመደወል ፈራሁ፤ እሷም አልደወለችም።

አንድ ቀን ማታ ስልኬ ጮኸ። የማላውቀው ቁጥር ነው። «ቲቸር፣ እኔ ነኝ» አለች። ድምፇን ወዲያው አወቅሁት። ጉልበቴ ከዳኝ፤ ቁጭ አልኩ። ይቅርታዬን ለመጀመር አፌን ስከፍት አቋረጠችኝ። «ቲቸር፣ የሴቶች ቡድን ላቋቁም ነው። ከእኔ በኋላ ለልጆቹ ማሟሟቂያ ያሠሯቸው ነበር ሲሉ ሰምቻለሁ። በአንድ እግር መቆሙ ስንት ሰከንድ ነው?»

«ሠላሳ» አልኳት። «በየእግሩ ሁለት ጊዜ።»

«ቆዩ ልጻፈው» አለች። እስክሪብቶዋ ወረቀት ላይ ሲሄድ ይሰማኛል። አንድ በአንድ ነገርኳት፤ አንድ በአንድ ጻፈች። መጨረሻ ላይ «እሺ ቲቸር፣ ደህና እደሩ» ብላ ዘጋችው። ይቅር ብዬሻለሁ አላለችኝም። እኔም አልጠየቅኋትም።

ለእንግዳዬ ይህን ነግሬ ስጨርስ ቡናው ቀዝቅዞ ነበር። «ታዲያ አሠልጣኝ ልሁን?» አለችኝ እንደገና። «ሁኚ» አልኳት። «ግን ጎበዟ ተጫዋችሽ ወንበር ላይ ሆና በዓይኗ ስታይሽ፣ መጀመሪያ ጉልበቷን ጠይቂያት። ከዚያ ነጥቡን እይ።»

ቸር ይግጠመን።